ፊቱን እናውቀዋለን፤ ደመወዙንስ ማን ይከፍላል?

አሜሪካዊው የፊልም ሐያሲ ሮጀር ኢበርት አንዲት ሕግ ነበረችው፤ ሃሪ ዲን ስታንተን ወይም ኤም. ኤሜት ዋልሽ በረዳት ተዋናይነት የገባበት ፊልም ጨርሶ መናኛ ሊሆን አይችልም የምትል። በ1989 (ዓመታቱ ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው) «ድሪም ኤ ሊትል ድሪም» የተባለ ፊልም ስታንተን እያለበት መናኛ ሆኖ ሲመጣ ሕጓ መጣሷን ያወጀው ራሱ ኢበርት ነው። እርግጥ ሕጓ ቀልድ ናት። ይሁንና ብዙ ተመልካች ሳይናገረው የሚያውቀውን ነገር ይዛለች። ፖስተሩ ላይ ያልነበረ ሰው ድንገት በሩን ከፍቶ ሲገባ «እሱ ካለበትማ እንየው» ብለን ወንበራችን ላይ የምንደላደልበት ጊዜ አለ። ስሙን ብንጠየቅ ግን አናውቀውም።

ስለ እነዚህ ሰዎች ሲጻፍ አብዛኛውን ጊዜ የሚወራው ስለ ትሕትናቸውና ለሙያው ስላላቸው ፍቅር ነው። እኔ ወደ ኪሳቸው ማየት እፈልጋለሁ። ረዳት ተዋናይ በነጻ ፊልም ውስጥ አርባና ሃምሳ ዓመት ሲቆይ እንጀራው ከየት ይመጣል? የበርካቶቹን የሥራ ዘመን ጎን ለጎን አስቀምጦ ላየ ሰው መልሱ ብዙም ደስ አይልም። ነጻ ፊልምን ከስድሳ ዓመት በላይ በገንዘብ ከደጎሙት አንዱ፣ ስሙ በፕሮዲዩሰርነት የማይጻፈው፣ ረዳት ተዋናዩ ራሱ ነው።

«ነጻ ፊልም» ሰፊ ስም ነው። ገንዘቡ ከትልልቆቹ የሆሊውድ ስቱዲዮዎች ውጭ መምጣቱን እንጂ መጠኑን አይነግረንም። ለእነዚህ ፊልሞች የሚሰጠው የስፒሪት ሽልማት በ2022 የበጀት ጣሪያውን ከ22.5 ሚሊዮን ወደ 30 ሚሊዮን ዶላር ከፍ አድርጓል። በሌላው ጫፍ ደግሞ ቻርልስ በርኔት በ1970ዎቹ ሎስ አንጀለስ ውስጥ ቅዳሜና እሑድ እየቀረጸ የሠራው «ኪለር ኦፍ ሺፕ» 10 ሺህ ዶላር እንኳ አልፈጀም። ሁለቱን ጫፎች የሚያገናኛቸው ጥድፊያው ነው። ቀረጻው በጥቂት ሳምንታት ማለቅ አለበት፤ ቤቱም መብራቱም ኪራይ ይቆጥራል፤ ለልምምድ የሚተርፍ ቀን የለም። እንዲህ ያለ ሥራ ላይ በመጀመሪያው ወይም በሁለተኛው ቀረጻ የሚፈለገውን የሚሰጥ፣ ቃሉን አጥንቶ የሚመጣ፣ ማንም ሳይነግረው ካሜራው የት እንዳለ የሚያውቅ ሰው ወርቅ ነው። ይህንን ደግሞ የሚያስተምረው ቴሌቪዥን ነው፤ በሳምንት አንድ ክፍል እየተቀረጸ የሚያድር ተከታታይ ድራማ።

ከዚያው ጥድፊያ ጋር ግን አንድ መሰናክል ይመጣል። ፊልሙ ለአከፋፋይና ለውጭ ገበያ የሚሸጠው በመሪ ተዋናዩ ስም ስለሆነ፣ ገንዘብ የሚያወጣው ሰው መጀመሪያ የሚጠይቀው «ማን አለበት?» ብሎ ነው። ስለዚህ ያ ወርቅ የሆነ ሰው ለሁለተኛና ለሦስተኛ ቦታ ይፈለጋል፣ ለመሪነት ግን ይታለፋል። መሪ የሚሆነው ፊልሙ እጅግ ርካሽ ሆኖ ስም የሚጠይቅ ሰው ሲጠፋ ነው፤ አለዚያም ዳይሬክተሩ «ከእሱ በቀር አልሠራም» ብሎ ድርቅ ሲል።

የዚህ ኑሮ ሥርዓት የተጀመረው በተዋናዩና በዳይሬክተሩ ጆን ካሳቬቲስ ቤት ነው ማለት ይቻላል። ካሳቬቲስ «ዘ ደርቲ ደዝን»ን (1967) እና «ሮዝሜሪስ ቤቢ»ን (1968) በመሳሰሉ የስቱዲዮ ፊልሞች እየተወነ ያገኘውን በራሱ ፊልሞች ላይ አፈሰሰው። «ፌስስ» (1968) የተቀረጸው በራሱ መኖሪያ ቤት ጭምር ነው። በዚያ ፊልም ለኦስካር የታጨው ሲሞር ካስል ወደ ካሳቬቲስ ሰፈር የመጣው በመጀመሪያው ፊልም፣ በ«ሻዶውስ»፣ ዕቃ እያቀበለ ነበር። ከሁሉ የሚገርመኝ ግን ፒተር ፎክ ነው። በቴሌቪዥን ኮሎምቦ የተባለውን መርማሪ ሆኖ በሚሠራበት ዘመን፣ «ኤ ውማን አንደር ዘ ኢንፍሉዌንስ» (1974) እንዲሠራ 500 ሺህ ዶላር ከኪሱ አውጥቷል። በፊልሙ የመሪ ተዋናይቷን የጂና ሮውላንድስን ባል ሆኖ የሚተውነው እሱ ነው። ቴሌቪዥን ከፈለ፣ ተዋናዩ ተቀበለ፣ ነጻ ፊልሙ ወሰደ። ከዚያ ወዲህ የመጡት ሁሉ የሄዱት በዚሁ መንገድ ነው፤ ልዩነታቸው የገንዘቡ መጠንና የባለቤቱ ፈቃደኝነት ብቻ ነው።

ወደ ስታንተን እንመለስ፤ ምክንያቱም የእሱን ያህል ነገሩን ከዳር እስከ ዳር የሚያሳይ የለም። በ1926 ኬንታኪ ውስጥ ተወለደ። በሁለተኛው የዓለም ጦርነት በባሕር ኃይል መርከብ ላይ ምግብ አብሳይ ሆኖ ኦኪናዋ ድረስ ዘምቷል። ዩኒቨርሲቲ ገብቶ ከወጣ በኋላ ካሊፎርኒያ ወርዶ በፓሳዲና ፕሌይሃውስ ትወና ተማረ። 1950ዎቹንና 60ዎቹን ያሳለፈው በቴሌቪዥን ካውቦይ ድራማዎች ነው፤ ፈረስ የሚሰርቅ፣ በሁለተኛው ትዕይንት የሚሞት ዓይነት ሰው እየሆነ። በ1966 በወጣው «ራይድ ኢን ዘ ዊርልዊንድ» ላይ ግን ስክሪፕቱን የጻፈው ጓደኛው ጃክ ኒኮልሰን አንድ ነገር ነገረው። ልብሱ ገጸ ባሕሪውን ይሥራልህ፣ አንተ ራስህን ሁን አለው። ስታንተን ይህን ምክር ዕድሜውን ሙሉ ሲያወሳው ኖሯል። የወንበዴ ኮፍያና የዓይን መሸፈኛ አድርጎ ለምን ይጮሃል? ዝም ብሎ ይቀመጣል፤ እኛ እንፈራለን።

በ1970ዎቹ ሁለት ሥራ በአንድ ጊዜ ይሠራ ነበር ማለት ይቻላል። በአንድ በኩል የሞንቲ ሄልማን «ቱ ሌን ብላክቶፕ» (1971) እና «ኮክፋይተር» (1974) አሉ፤ ተመልካች ያልመጣላቸው፣ ኋላ ላይ የፊልም ተማሪ የሚምልባቸው ፊልሞች። በሌላ በኩል ትልልቁ ሥራ አለ፤ ከእነዚያም አንዱ «ኤሊየን» (1979) ነው። እዚያ ላይ ስታንተንና ያፌት ኮቶ የመርከቧ ሠራተኞች ሆነው በመጀመሪያው ምግብ ላይ የሚያነሱት ጉዳይ የሕዋ ምሥጢር አይደለም። ድርሻችን ለምን ከሌሎቹ ያንሳል የሚል የደመወዝ ጥያቄ ነው! ጸሐፊዎቹ አስበውበት ይሁን አይሁን፣ ያንን ክርክር ከእነዚህ ከሁለቱ የተሻለ ሊያቀርብ የሚችል ሰው አልነበረም።

ከዚያ 1983 መጣ። ጸሐፌ ተውኔቱ ሳም ሼፐርድ ኒው ሜክሲኮ፣ ሳንታ ፌ ከተማ መጠጥ ቤት ውስጥ ከስታንተን ጋር ሲጫወት፣ ስታንተን የሚሰጡት ሚናዎች እንደሰለቹት፣ ውበትና ስሜት ያለው ነገር መሥራት እንደሚፈልግ ነገረው። ሼፐርድ ያኔ ለጀርመናዊው ዳይሬክተር ቪም ቬንደርስ የሚጽፈው ፊልም ነበረው። «ፓሪስ፣ ቴክሳስ» እንዲህ ለስታንተን ደረሰው፤ ዕድሜው 57 ነበር። ስታንተን የሚተውነው፣ በረሃ ለበረሃ የሚሄደው ትራቪስ ፊልሙ ሃያ ደቂቃ ካለፈ በኋላ እንኳ ቃል አልተነፈሰም። ቀረጻው ሲጀመር የስክሪፕቱ ሁለተኛ አጋማሽ አላለቀም ነበር፤ ሼፐርድ ሌላ ፊልም ላይ ስለነበር፣ ትራቪስ በመስታወት ማዶ ላለችው ሚስቱ የሚናገረውን ረጅም ንግግር በስልክ ነው ያጻፈው። ስታንተን ያንን ንግግር ጀርባውን ሰጥቶ፣ ስልክ ይዞ፣ ድምፁን ከፍ ሳያደርግ ይናገረዋል። ፊልሙ በ1984 በካን የፊልም ፌስቲቫል ዋናውን ሽልማት፣ ፓልም ዶርን፣ አገኘ።

ከዚህ በኋላ የመሪ ሚናዎች ሊጎርፉለት ይገባ ነበር፤ አልጎረፉም። በዚያው ዓመት በአሌክስ ኮክስ «ሪፖ ማን» ውስጥ ዕዳ ያልተከፈለባቸውን መኪኖች እየነጠቀ የሚኖር ሰው ሆነ፤ በ1986 በ«ፕሪቲ ኢን ፒንክ» የወጣቷ አባት ሆነ፤ በስኮርሴዚ «ዘ ላስት ቴምፕቴሽን ኦፍ ክራይስት» (1988) ጳውሎስን ተወነ፤ ከዳይሬክተሩ ዴቪድ ሊንች ጋር በተደጋጋሚ ሠራ። ሰማንያ ዓመት ሲሞላው ኤችቢኦ የተባለው የቴሌቪዥን ጣቢያ በ«ቢግ ላቭ» ድራማ የአንድ ከአንድ በላይ ሚስት የሚያገባ ቡድን ነቢይ አደረገው። ቋሚ ደመወዝ ያመጣው ይህ ነው። ካን የሰጠው ክብር ነበር፤ ክብር ደግሞ የቤት ኪራይ አይከፍልም።

ፊሊፕ ቤከር ሆል ከዚህም የዘገየ ነው። ሎስ አንጀለስ የገባው አርባ ዓመት ካለፈው በኋላ ሲሆን፣ ዳኛ፣ ሐኪም፣ መርማሪ እየሆነ በቴሌቪዥን የሠራቸው ሚናዎች ተቆጥረው አያልቁም። በ1984 ዳይሬክተሩ ሮበርት አልትማን በሚሺጋን ዩኒቨርሲቲ ያስተምር በነበረበት ጊዜ፣ ሆል በመድረክ ሲጫወተው የነበረውን የአንድ ሰው ተውኔት «ሲክሬት ኦነር»ን ተማሪዎችን የቀረጻ ሠራተኛ አድርጎ ወደ ፊልም ለወጠው። አንድ ክፍል፣ አንድ ሽጉጥ፣ አንድ ጠርሙስ፣ እና ከሥልጣን የወረደው ሪቻርድ ኒክሰን ለአንድ ሰዓት ተኩል ለራሱ ጥብቅና ሲቆም። ላብ በላብ የሆነ ትወና ነው፤ ብዙ ሰው ግን አላየውም። ሆል በሕዝብ ዘንድ የታወቀው ከሰባት ዓመት በኋላ በ«ሳይንፌልድ» ኮሜዲ ያልተመለሰ መጽሐፍ የሚያሳድድ የቤተ መጻሕፍት ፖሊስ ሆኖ ብቅ ሲል ነው።

«ሲክሬት ኦነር»ን ካዩት ጥቂቶች አንዱ ፖል ቶማስ አንደርሰን የሚባል ወጣት ነበር። ሆል በሚሠራበት አንድ የቴሌቪዥን ዝግጅት ላይ ተላላኪ ሆኖ ተቀጥሮ ሳለ ሽማግሌውን አገኘውና አጭር ስክሪፕት ሰጠው። በ1993 በሰንዳንስ የፊልም ፌስቲቫል ላይ የታየው «ሲጋሬትስ ኤንድ ኮፊ» ይህ ነው። ከሦስት ዓመት በኋላ «ሃርድ ኤይት» የተባለው የመጀመሪያ ረጅም ፊልሙ ሲሠራ ሳሙኤል ኤል. ጃክሰንና ግዊኔት ፓልትሮው እያሉ መሪው ሆል ሆነ፤ ዕድሜው ስድሳ አራት ገደማ ነበር። ያ «ድርቅ ያለ ዳይሬክተር» ያልሁት እንዲህ ያለው ነው። አንደርሰን ከገንዘብ አውጪዎቹ ጋር በፊልሙ አቆራረጥ ተጣልቶ የራሱን ቅጂ ካን ላይ አሳይቷል። ለሆል ግን የአንደርሰን ቀጣይ ፊልሞች «ቡጊ ናይትስ»ም «ማግኖሊያ»ም የመጡት በ«ሃርድ ኤይት» ምክንያት ነው።

ስቲቭ ቡሼሚ ቀለል ያለው ምሳሌ ስለሆነ ብዙ አልቆይበትም። ኒው ዮርክ ውስጥ የእሳት አደጋ ሠራተኛ ሆኖ ጀመረ፤ «ኢን ዘ ሱፕ» እና «ሪዘርቯር ዶግስ» በ1992 አከታትለው አወጡት፤ በ1996 «ትሪስ ላውንጅ»ን ራሱ ጽፎ ራሱ ዳይሬክት አደረገ። ወዲያው «ኮን ኤር» እና «አርማጌዶን» ውስጥ እናየዋለን። አንዳንድ ሐያሲ ይህን እንደ መሸነፍ ይቆጥርበት ነበር፤ እኔ የካሳቬቲስን የሂሳብ መዝገብ ነው የማየው።

በሴቶቹ በኩል ሂሳቡ ይከፋል። ወንዱ ፊቱ ሲሸበሸብ «ባሕርይ ያለው ፊት» ይባልለታል፤ ሴቷ ግን የአርባ ዓመት ልደቷን ስታከብር የስልክ ጥሪው ይቀንሳል። ሜሊሳ ሊዮ በ«ሆሚሳይድ» የቴሌቪዥን ድራማ (እዚያም ያፌት ኮቶ አለቃዋ ሆኖ ይጫወታል) እስከ 1997 ሠርታ ወጣች። «ፍሮዝን ሪቨር» (2008) እስኪመጣ ድረስ ብዙ ሰው ረስቷት ነበር። ከአንድ ሚሊዮን ዶላር በማይሞላ ገንዘብ በካናዳ ድንበር ብርድ ውስጥ የተሠራው ይህ የኮርትኒ ሃንት ፊልም በሰንዳንስ ትልቁን ሽልማት ወሰደ፤ ሊዮም በመሪ ተዋናይትነት ለኦስካር ታጨች። በ2011 በ«ዘ ፋይተር» ስትታጭ የመጽሔት ሽፋን የሚሰጣት ስላጣች በራሷ ገንዘብ ማስታወቂያ አሳተመች። ሆሊውድ ነውር ነው ብሎ አጉረመረመ። ኦስካሩን ግን ወሰደች።

አን ዳውድ ደግሞ «ኮምፕላያንስ» (2012) ላይ የፈጣን ምግብ ቤት ሥራ አስኪያጅ ናት። በስልክ «ፖሊስ ነኝ» የሚላትን ሰው እየታዘዘች ወጣት ሠራተኛዋን የምታዋርድ ደግ ሴት። ክፋት ሳይታይባት ክፉ የምትሠራ ሰው፤ ለመተወን ከዚህ የሚከብድ ብዙ የለም። የቀን ክፍያዋ 100 ዶላር ነበር። አከፋፋዩ ለኦስካር መራጮች የፊልሙን ቅጂ ለመላክ ገንዘብ አላወጣም፤ እሷ 13 ሺህ ዶላር ገደማ ከኪሷ አውጥታ ላከችው። የአንድ መቶ ሠላሳ ቀን ደመወዝ መሆኑ ነው። ለኦስካር አልታጨችም። ሆኖም ፊቷ ተመዘገበ፤ በቴሌቪዥን «ዘ ሌፍትኦቨርስ» መጣ፣ ከዚያ «ዘ ሃንድሜይድስ ቴል» መጣ፣ በ2017 የቴሌቪዥኑን ሽልማት ኤሚን ተሸለመች። ይህን ታሪክ እንደ ስኬት የሚተርኩ አሉ። እኔን የሚያሳስበኝ 13 ሺህ ዶላር የሌላት ተዋናይት ናት፤ እሷን እኛም ሐያስያኑም አናውቃትም።

ጥቁር አሜሪካውያኑ ጋ ስንመጣ ሌላ በር ይከፈታል፤ በሩን ከከፈቱት አንዱም የጎንደር ሰው ናቸው። ፕሮፌሰር ኃይሌ ገሪማ በ1967 አሜሪካ የሄዱት ፊልም ሊሠሩ አልነበረም፤ ቺካጎ በጉድማን የድራማ ትምህርት ቤት ትወና ሊማሩ ነበር። በምዕራባውያን ተውኔቶች ውስጥ ለእሳቸው ቢጤ የሚተርፈው የአሽከርነት ሚና መሆኑን ሲያዩ ትተውት በሎስ አንጀለሱ የካሊፎርኒያ ዩኒቨርሲቲ ፊልም መሥራት ጀመሩ። እዚያ የተማሩት እሳቸው፣ በርኔት፣ ቢሊ ዉድቤሪና ጁሊ ዳሽ ኋላ «የሎስ አንጀለስ ዓመፅ» በሚል ስም ታወቁ። የኃይሌ «ቡሽ ማማ» መሪ ተዋናይት ባርባራ ኦ. ጆንስ ናት። ፊልሙ ሲከፈት የምናየው የፖሊስ ፍተሻ ትወና አይደለም፤ የቀረጻ ቡድኑ በእውነት ተይዞ ሲፈተሽ የተቀረጸ ነው።

እነዚህ ፊልሞች ተዋናዮቻቸውን ይዋዋሱ ነበር። ባርባራ ኦ. ከ«ቡሽ ማማ» ወደ ጁሊ ዳሽ «ዶተርስ ኦፍ ዘ ደስት» (1991) ሄደች። ኬሲ ሙር ደግሞ በ«ኪለር ኦፍ ሺፕ»፣ በዉድቤሪ «ብሌስ ዜር ሊትል ሃርትስ» (1984)፣ በኋላም በዳሽ ፊልም አለች። በ«ብሌስ ዜር ሊትል ሃርትስ» ሥራ ካጣ ባሏ ጋር የምትጣላበት ረጅም ትዕይንት አለ። በአሜሪካ ሲኒማ ስለ ድህነትና ስለ ትዳር ከተቀረጸው ሁሉ ከፊት ከሚሰለፉት ነው ብል አላፍርም። ሙር የሠራቻቸው ፊልሞች ግን በጣት የሚቆጠሩ ናቸው። ወደ ካንሳስ ሲቲ ተመልሳ የሲክል ሴል ሕሙማንን የሚረዳ ማኅበር ስትመራ ኖረች። የ«ኪለር ኦፍ ሺፕ» መሪ ሄንሪ ጂ. ሳንደርስ በሙያው ቆየ፤ «ዶክተር ክዊን» በተባለው የቴሌቪዥን ድራማ ለዓመታት ሠርቶ፣ በ2014 «ሰልማ» ላይ የልጅ ልጁ በፖሊስ የተገደለበት አያት ሆኖ ሲመጣ የብዙውን ሰው ልብ ነክቷል። በሁለቱ መካከል ያለውን ልዩነት በችሎታ ልገልጸው አልችልም። አንዱን ቴሌቪዥን ቀጠረው፤ ሌላዋን አልቀጠራትም።

ከቅርብ ዓመታት ወዲህ ለእነዚህ ሰዎች በስተእርጅና አንድ መሪ ሚና መስጠት ወግ ሆኗል። ዴል ዲኪ በ«ዊንተርስ ቦን» (2010) አስፈሪዋ ሜራብ ሆና የስፒሪት ሽልማት ካገኘች በኋላ በ2022 «ኤ ላቭ ሶንግ» ተሰጣት። ለስታንተንም «ላኪ» (2017) ተጻፈለት። ዳይሬክተሩ ጆን ካሮል ሊንች ራሱ የረዳት ተዋናይ አለቃ ነው፤ በ«ፋርጎ» የነፍሰ ጡሯ ፖሊስ ባል የሆነው ያ ወፍራም ሰው። ከጸሐፊዎቹ አንዱ የስታንተን የቅርብ ሰው ነበር፤ የመርከብ አብሳይነቱን ጨምሮ ሕይወቱን ገጸ ባሕሪው ውስጥ ከተቱት። ስታንተን በሴፕቴምበር 15 ቀን፣ ፊልሙ አሜሪካ ውስጥ ለሕዝብ ሊከፈት ሁለት ሳምንት ሲቀረው፣ በ91 ዓመቱ አረፈ። ስለዚህ ሁሉም ፊልሙን በስንብት ዓይን አየው።

እኔ «ላኪ»ን እወደዋለሁ፤ ግን አላመልከውም። ተዋናዩን እያደነቀ ሥራ የነፈገው ፊልም ነው፤ ስታንተን ስታንተንን እንዲሆን ይጠይቀዋል፣ ከዚያ አይዘልም። ሽማግሌ፣ በረሃ፣ ረጅም የእግር ጉዞ፣ የመጠጥ ቤት ፍልስፍና፤ ይህ ዘይቤ አሁን ራሱ የተለመደ ዕቃ ወደ መሆን ሄዷል። ከዚህ ይልቅ «ዘ ስትሬት ስቶሪ» (1999) መጨረሻ ላይ ያሉትን ጥቂት ደቂቃዎች አስቀድማለሁ። ሪቻርድ ፋርንስዎርዝ፣ አሥርት ዓመታት ለፊልም ቀረጻ ከፈረስ እየወደቀ ኖሮ ኋላ ተዋናይ የሆነው ሰው፣ የተጣላውን ወንድሙን ለማየት ከአዮዋ ተነስቶ በሣር ማጨጃ ትራክተር ዊስኮንሲን ደርሷል። ወንድሙ ስታንተን ነው። በመራመጃ መደገፊያ እየተራመደ ይወጣል፣ ይቀመጣል፣ ትራክተሩን አይቶ በዚህ ነው የመጣኸው ብሎ ይጠይቃል፤ ዓይኑ ይሞላል። ከዚህ የበለጠ የሚለው የለም። ፊልሙ ሁለት ሰዓት ሙሉ ያጠራቀመውን ዕዳ በዚያች ቅጽበት የሚከፍለው እሱ ነው። ዋና ሰው ሆኖ ቢመጣ ይህን ማድረግ አይችልም ነበር። ፋርንስዎርዝ በዚያ ሥራ በ79 ዓመቱ ለኦስካር ታጨ፤ ሲቀረጽ በካንሰር ይሠቃይ ነበር።

አሁን ያለው ችግር ደጓሚው እየደረቀ መምጣቱ ነው። የድሮው የቴሌቪዥን ድራማ በዓመት ሃያ ምናምን ክፍል ስለነበረው የአንድ ቀን ዳኛ፣ የሁለት ቀን ሐኪም ሚና አይጠፋም ነበር፤ ድራማው በድጋሚ በታየ ቁጥርም ለተዋናዩ ትንሽ ቼክ ይላክለት ነበር። የኢንተርኔት ቻናሎች ድራማውን ወደ ስምንትና አሥር ክፍል አሳጠሩት፤ የድጋሚ ክፍያውንም አሳነሱት። በ2023 የአሜሪካ ተዋንያን ማኅበር ለ118 ቀን ሥራ ያቆመበት አንዱ ምክንያት ይህ ነው። ያኔ በአደባባይ ሲነገር የሰነበተ አንድ ቁጥር አለ፤ 26,470 ዶላር። አንድ አባል በማኅበሩ የጤና መድን ለመታቀፍ በዓመት ከትወና ማግኘት የነበረበት ይህን ያህል ነበር፤ አብዛኛው አባል እዚያ አይደርስም ነበር። በቀን 100 ዶላር የሚከፍል ነጻ ፊልም እዚያ ሊያደርስ እንደማይችል ለማወቅ ካልኩሌተር አያስፈልግም።

በዚያ ላይ ኦዲሽኑ ወደ ተዋናዩ ቤት ገብቷል። ድሮ ሚና መራጩ ቢሮ ሄዶ ሁለት ገጽ ያነብ የነበረ ሰው፣ አሁን መብራትና ካሜራ ገዝቶ፣ የሚያነብለት ጓደኛ ለምኖ፣ ራሱን ቀርጾ ይልካል፤ መልስም ላይመጣ ይችላል። ሥራ ማቆሙን ያበቃው ውል ለዚህ የተወሰነ ገደብ አበጅቶለታል። የኦስካር አካዳሚውም በ2025 ከወጡት ፊልሞች ጀምሮ ለሚና መራጮች ሽልማት እንዲኖር ወስኗል። ስምን ሳይሆን ፊትን የሚያስታውሱት እነሱ ስለሆኑ ውሳኔው የዘገየ ቢሆንም ተገቢ ነው። ለተመረጠው ሰው የቀን ክፍያ ላይ ግን የሚጨምረው ሳንቲም የለም።